መንፈስ አለበት የሚባለውን ቤት ከማስጎብኘትዎ በፊት ቤቱ ያ መሆኑን ያረጋግጡ

ጥያቄ፦ «በከተማዬ ጥንት ግድያ የተፈጸመባቸውንና የሙታን መንፈስ ይታይባቸዋል የሚባሉ ቦታዎችን በማታ በእግር እያዞርኩ ለማሳየት አስቤያለሁ። 15 ቦታ መርጬ በ2 ሰዓት ጊዜ ውስጥ ለመጨረስ አቅጃለሁ። ታሪኮቹን ያሰባሰብኩት ከኢንተርኔትና ከሰፈሩ ሽማግሌዎች ነው። የመንፈስ መፈለጊያ መሣሪያ ልግዛ? ከጨለማ ብቅ ብሎ የሚያስደነግጥ ተዋናይስ ልቅጠር? ሰዎቹ ከሞቱ ብዙ ዘመን ስለሆነ ስማቸውን መጥራት የሚያስጠይቅ አይመስለኝም፤ ተሳስቻለሁ?»

መልስ፦ 15 ቦታ በ2 ሰዓት አይገባም። 20 ሰው የያዘ ቡድን አንድ ሰው ብቻውን በሚሄድበት ፍጥነት አይጓዝም፤ ማቋረጫ ላይ ለሁለት ይቆረጣል፣ አንዱ ፎቶ ለማንሳት ይቀራል፣ ሌላው የጫማውን ክር ለማሰር ያጎነብሳል። በተግባር በሰዓት ከ3 ኪሎ ሜትር አይበልጥም። በቦታዎቹ መካከል 200 ሜትር ብቻ ቢኖር እንኳ መንገዱ 2.8 ኪሎ ሜትር፣ ጊዜው 56 ደቂቃ ነው። በየቦታው 6 ደቂቃ ካወሩ 90 ደቂቃ ይሄዳል። የመጨረሻው ሰው ደርሶ ሁሉም እስኪሰበሰብ በየቦታው አንድ ደቂቃ ተኩል ቢወስድ ሌላ 22 ደቂቃ ይጨመራል። ድምሩ 168 ደቂቃ ነው፤ ለ3 ሰዓት የቀረው 12 ደቂቃ ብቻ ነው። ሰው ደግሞ በማታ ቆሞ ማዳመጥ የሚችለው እስከ 90 ደቂቃ ድረስ ነው፤ ከዚያ ወዲያ እግር ይዝላል፣ ብርድ ይገባል፣ ዓይን ወደ ስልክ ይሄዳል።

7 ቦታ ይበቃዎታል። በየቦታው 7 ደቂቃ፣ በመካከል 250 ሜትር ገደማ ይሁን፤ ጠቅላላው 1.5 ኪሎ ሜትርና 90 ደቂቃ ይሆናል። ከሚተርፉት ውስጥ ሁለት ሦስቱን መንገድ ሲቆፈር ወይም አንዱ ቦታ ሰው ሲበዛበት ለመቀያየሪያ ያቆዩ።

ይህ ግን ቀላሉ ክፍል ነው። ከጥያቄዎ ውስጥ ይበልጥ የሚያሳስበው ታሪኮቹን ከየት እንዳገኙ የጻፉት ነው። የዚህ ዓይነት ጉብኝት ዋጋው «እዚህ ነው የሆነው» የሚለው ዓረፍተ ነገር ነው። ጎብኚው ታሪኩን ቤቱ ተቀምጦ ማንበብ ይችል ነበር፤ የሚመጣው በቦታው ለመቆም ነው። «እዚህ» ስህተት ከሆነ የሸጡለት ነገር የለም። ስህተቱ ደግሞ ከሚገምቱት በላይ የተለመደ ነው።

ዋናው ምክንያት የቤት ቁጥርና የመንገድ ስም መለዋወጥ ነው። በአሜሪካ ፎል ሪቨር ከተማ በ1892 ሊዚ ቦርደን አባቷንና እንጀራ እናቷን ገድላለች ተብላ የተከሰሰችበት ቤት (ዓመቶቹን፣ ወሮቹንና ቀኖቹን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር፣ ሰዓቶቹን በእኛ አቆጣጠር ጽፌያለሁ) በዚያን ጊዜ ቁጥሩ 92 ነበር፤ ዛሬ 230 ነው። የድሮ ጋዜጣ ይዞ ዛሬ 92 ቁጥርን የሚፈልግ ሰው ሌላ ቦታ ላይ ይቆማል። ቺካጎ በ1909 የቤት ቁጥሮቿን በአዲስ ሥርዓት ቀይራለች፤ ከዚያ በፊት የተጻፈ አድራሻ ሁሉ መመለሻ ሰንጠረዥ ካልተገኘለት አያገለግልም። ለንደን ውስጥ በ1888 ጃክ ዘ ሪፐር የተባለው ማንነቱ ያልታወቀ ገዳይ ገደላቸው ከሚባሉት አምስት ሴቶች አንዷ፣ ሜሪ አን ኒኮልስ፣ ተገድላ የተገኘችበት ባክስ ሮው ዛሬ ደርዋርድ ስትሪት ይባላል፤ ሌላዋ ሜሪ ጄን ኬሊ የተገደለችበት ግቢ የሚገኝበት ዶርሴት ስትሪት ደግሞ ጨርሶ ጠፍቷል።

አንዳንዴ ስህተቱ መቶ ዓመታት ይቆያል። በአሜሪካ ሴለም ከተማ በ1692 በጥንቆላ ተከሰው የተሰቀሉት 19 ሰዎች የሞቱት በጋሎውስ ሂል ጫፍ ላይ ነው ተብሎ ለብዙ ትውልድ ሲነገር ኖሯል። ተመራማሪዎች የዘመኑን የምስክርነት ቃል ከመሬቱ አቀማመጥ ጋር አስተያይተው ትክክለኛው ቦታ ከኮረብታው ግርጌ ያለው ፕሮክተርስ ሌጅ መሆኑን በ2016 አረጋገጡ፤ በማግስቱ ዓመት መታሰቢያ ቆመበት። በዚያው ከተማ ጉዳይ «ጠንቋዮቹ ተቃጠሉ» የሚል አስጎብኚ ዛሬም አይጠፋም። አንድም ሰው አልተቃጠለም፤ 19ኙ ተሰቀሉ፣ አንድ አዛውንት ደግሞ ለክሱ የእምነት ክህደት ቃል አልሰጥም በማለታቸው ድንጋይ ተጭኖባቸው ሞቱ።

ስለዚህ ለእያንዳንዱ ቦታ እንዲህ ያድርጉ። መጀመሪያ የፍርድ ቤቱን መዝገብ ወይም የአስከሬን ምርመራውን ቃል ይፈልጉ፤ ምስክሮች ቦታውን የሚጠቅሱት ከበርና ከማዕዘን ጋር አያይዘው ነው። ብዙው በነጻ ይገኛል፤ የለንደኑ ኦልድ ቤይሊ ችሎት ከ1674 እስከ 1913 ያሉት የታተሙ ዘገባዎች በኢንተርኔት ተለቅቀዋል። ቀጥሎ ወንጀሉ በተፈጸመበት ሳምንት የወጣውን ጋዜጣ ያንብቡ። ከዚያ በዓመቱ የነበረውን የነዋሪዎች አድራሻ መጽሐፍ ይዩ፤ ማን በየትኛው ቁጥር ይኖር እንደነበር ጎረቤቱን ጨምሮ ይዘረዝራል። የእሳት አደጋ መድን ድርጅቶች ያሠሯቸው የድሮ ካርታዎች ካሉ የሕንፃውን ቅርጽ፣ የግድግዳውን ዓይነትና የፎቁን ብዛት ሳይቀር ያሳያሉ። በመጨረሻ የድሮውን ካርታ በአሁኑ ላይ ደርበው ያልተነቃነቀ ነገር፣ ለምሳሌ ቤተ ክርስቲያን ወይም ድልድይ፣ ይዘው ርቀቱን ይለኩ። በዘመኑ የተጻፉ ሁለት የማይገናኙ ምንጮች ካልተስማሙ ያ ቦታ ከዝርዝርዎ ይውጣ፤ ወይም «ከዚህ በ50 ሜትር ዙሪያ» ብለው በግልጽ ይናገሩ። እንዲህ ማለት ጉብኝቱን አያደበዝዘውም፤ እንዲያውም ጎብኚው ሌላውን ቦታ እንዲያምን ያደርገዋል።

የሽማግሌዎቹን ወሬ አይጣሉት፤ ግን ወሬ ሲነግሩህ ሐሳብ ጨምርበት እንደሚባለው፣ «ይህ ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ የተጻፈው መቼ ነው?» ብለው ይጠይቁ። ድርጊቱ በተፈጸመበት ዘመን ያልነበረ ዝርዝር ከ100 ዓመት በኋላ ብቅ ካለ የጨመረው ጸሐፊ ወይም አስጎብኚ ነው። በስኮትላንድ ኤደንብራ ውስጥ ሜሪ ኪንግስ ክሎዝ የሚባለው የምድር ቤት መንገድ በ1645 ወረርሽኝ ጊዜ ከነነዋሪዎቹ በግንብ ተዘግቶ ሕዝቡ እዚያው አለቀ ይባላል። ከተማው ግን በዚያ ወረርሽኝ ሐኪም ቀጥሮ በሽተኞችን ያሳክም ነበር፤ መንገዱ የተሸፈነው ከ1753 ጀምሮ በላዩ ትልቅ ሕንፃ ሲሠራ ነው። በዚያው ከተማ በ1828 በርክና ሄር 16 ሰው ገድለው አስከሬኑን ለሐኪም ሲሸጡ፣ በሳውዝ ብሪጅ ሥር ያሉትን ዋሻ መሰል ክፍሎች ተጠቅመዋል ሲባል ይሰማል፤ ማስረጃ የለውም። ማስረጃ ያለው ነገር ደግሞ ከተረቱ ይበልጣል፦ በርክ በጥር 1829 ተሰቅሎ የራሱ አስከሬን እርሱ ይሸጣቸው እንደነበሩት ሬሳዎች ለሕክምና ትምህርት ተቀደደ፤ አፅሙ እስከ ዛሬ በኤደንብራ ዩኒቨርሲቲ የአናቶሚ ሙዚየም አለ።

ቁጥርም እንዲሁ ያብጣል። በቺካጎ ኤች ኤች ሆምስ የሚባለው ሰው 200 ሰው ገደለ ይባላል። የተፈረደበት በአንድ ግድያ ነው፤ ተናዘዝኩ ያለው 27 ሲሆን ገደልኳቸው ካላቸው አንዳንዶቹ በሕይወት ነበሩ። በኒው ኦርሊንስ የላሎሪ ቤት በ1834 እሳት ሲነሳበት በሰንሰለት የታሰሩና የተሰቃዩ ባሪያዎች መገኘታቸውን የዘመኑ ጋዜጦች ጽፈዋል፤ ሕዝቡም ተቆጥቶ ቤቱን አፈራርሷል። ዛሬ በብዙ ጉብኝት የሚተረከው የቀዶ ጥገና ሙከራና የተሰፋ አካል ግን የ20ኛው ክፍለ ዘመን ጭማሪ ነው። የተመዘገበው ግፍ አልበቃ ብሎ ሌላ መጨመር የተሠቃዩትን ሰዎች እንደ ጌጥ መጠቀም ነው።

በዚህ ሥራ አማርኛ ራሱ ያግዝዎታል። «ነበር»፣ «አሉ» እና «ይመስለኛል» የየራሳቸው ክብደት አላቸው። የተመዘገበውን «ነበር» ብለው ይናገሩ፣ ሰው የሚያወራውን «አሉ» ብለው ያሳልፉ፣ የራስዎን ግምት «ይመስለኛል» ይበሉት። ጽሑፍዎን አትመው እነዚህን ሦስቱን በሦስት ቀለም ያስምሩ። አንዱ መቆሚያ ሙሉ በሙሉ በ«አሉ» ቀለም ከተሸፈነ ያ ተረት ነው፤ በተረትነቱ ጥሩ ከሆነ እንዲህ ያለውን አንድ ብቻ ይያዙ።

ወደ መሣሪያው እንምጣ፤ አይግዙ። ኬ2 የሚባለውና መሰሎቹ የሚለኩት መግነጢሳዊ መስክን ነው፤ በግድግዳ ውስጥ የተቀበረ የኤሌክትሪክ ሽቦ፣ የአሳንሰር ሞተር፣ በኪስ ያለ ስልክ መብራቱን ያበሩታል። 20 ሰው 20 ስልክ ይዞ በከበበበት መሣሪያው ባይበራ ነበር የሚገርመው። በጨረር የሚለካው ቴርሞሜትር የሚያነበው የአየሩን ሙቀት አይደለም፤ ያነጣጠሩበትን ግድግዳ ወይም መስታወት ነው፤ ስለዚህ «ቀዝቃዛ ቦታ አገኘሁ» ማለት ብዙውን ጊዜ «መስኮት አገኘሁ» ማለት ነው። በፎቶ ላይ የሚታዩት ክብ ብርሃኖች ከካሜራው አፍንጫ ሥር ያለ አቧራ ወይም ጤዛ የፍላሹን ብርሃን ሲመልስ የሚፈጠሩ ናቸው። ይህን የሚያውቅ አንድ ጎብኚ በቡድኑ ውስጥ ካለ በመሣሪያው የተነሳ በእውነተኛው ታሪክም ላይ እምነት ያጣል።

በአንጻሩ ሰዎች መንፈስ ያለ ለምን እንደሚመስላቸው መናገር ራሱ ጥሩ መቆሚያ ይሆናል። ቪክ ታንዲ የሚባል እንግሊዛዊ መሐንዲስ ሰዎች ጥላ የሚያዩበትና ጭንቅ የሚሰማቸው ቤተ ሙከራ ውስጥ ምክንያቱን ሲፈልግ ከአዲስ የአየር ማናፈሻ የሚወጣ 19 ኸርዝ (በሴኮንድ 19 ንዝረት) አካባቢ ያለ ድምፅ አገኘ፤ ግኝቱን በ1998 አሳተመ። የሰው ጆሮ ከ20 ኸርዝ በታች ያለውን አይሰማም ማለት ይቻላል። ይህ ግን ለሁሉም ቤት አይሠራም፤ «ሳይንስ አረጋገጠ» ብለው እንዳያልፉት። በ1921 ደግሞ በአንድ የአሜሪካ የዓይን ሕክምና መጽሔት የእግር ኮቴ ስለሚሰማና ጥላ ስለሚያይ ቤተሰብ ተጽፏል፤ ምንጩ የተበላሸ ማሞቂያ የሚለቀው ካርቦን ሞኖክሳይድ የሚባል መርዛማ ጋዝ ነበር። ለእርስዎ ይህ ተግባራዊ ነገርም አለው፦ እሳት ወይም ማሞቂያ ወዳለበት አሮጌ ሕንፃ ቡድን የሚያስገቡ ከሆነ የካርቦን ሞኖክሳይድ ማንቂያ ይያዙ። መግዛት ያለብዎት መሣሪያ እሱ ነው።

የሚያስደነግጥ ተዋናይም አይቅጠሩ። የደነገጠ ሰው ወደ ኋላ ይዘላል፤ ከኋላው ያለው ደግሞ ደረጃ፣ የመንገድ ጠርዝ ወይም መኪና ነው። አንዳንዱ ሲደነግጥ በቡጢ ይመታል፤ ተመቺው ተዋናዩ ነው። የልብ ሕመም ያለበትን ወይም ነፍሰ ጡርን በማታ ብርሃን አይለዩም። ከዚያም በላይ አንዴ የደነገጠ ቡድን የቀረውን ሰዓት ቀጣዩን ድንጋጤ ሲጠብቅ ያሳልፋል እንጂ አይሰማዎትም።

ፍርሃት ከፈለጉ ጨለማውንና ሰዓቱን ይጠቀሙ። ዓይን ጨለማን በደንብ ለመልመድ ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ይፈልጋል፤ አንድ ነጭ የእጅ ባትሪ ፊት ላይ ሲበራ የተለመደው ሁሉ ይጠፋል። ስለዚህ ባትሪዎ ቀይ ብርሃን ያለው ይሁን፣ ሁልጊዜ ወደ መሬት ያብሩት፤ በጣም ጨለማውን ቦታ አምስተኛ ወይም ስድስተኛ ላይ ያድርጉት። ሰዓትን በተመለከተ ከአምስቱ የለንደን ሴቶች አንዷ የሆነችውን ካተሪን ኤዶውስን እንይ። በመስከረም 30 ቀን 1888 ከሌሊቱ 7 ሰዓት ገደማ ከፖሊስ ጣቢያ ተለቀቀች። ዋትኪንስ የሚባለው ፖሊስ 7፡30 ላይ ማይተር ስኩዌርን ሲያልፍ ምንም አላየም፤ 7፡44 ላይ ዞሮ ሲመለስ አስከሬኗን አገኘ። በቦታው ቆመው ይህን ሲናገሩ ጎብኚዎቹ 14 ደቂቃ ምን ያህል እንደሆነ ያውቃሉ፤ ከዚያ በፊት ያለው መቆሚያ ላይ ከደረሱ ጀምሮ ያለፈው ጊዜ ያንኑ ያህል ነዋ። እንዲህ ያለ የሰዓት ሰንሰለት በእርስዎም መዝገብ ውስጥ ይኖራል፤ ይፈልጉት።

ስም ስለመጥራት የጻፉት ግማሹ ትክክል ነው። በብዙ አገር ሕግ የሞተ ሰው ስሜ ጠፋ ብሎ አይከስም። ልጅና የልጅ ልጅ ግን አለ፤ ዛሬ በቤቱ የሚኖረው ሰውም አለ። ሙት ወቃሽ መሆን ደግሞ በሕግ ባያስጠይቅም በጎብኚ ፊት ያዋርዳል። ሊዚ ቦርደን በ1893 በነጻ ተለቃለች፤ «ገዳይዋ» ማለት ፍርድ ቤቱ ያላለውን ማለት ነው፤ «የተከሰሰችው» ይበሉ። የለንደኖቹን አምስት ሴቶች የዘመኑ ጋዜጣ በጅምላ ሴተኛ አዳሪ ብሎ ጠራቸው፤ ማስረጃው ግን ለሁሉም እኩል አይደለም። ኒኮልስ የአምስት ልጆች እናት ነበረች፤ እዚህ ጀምሮ መናገር ገዳዩ ማን ይሆን እያሉ ሰዓቱን ከማባከን ይሻላል። የቁስል ዝርዝርና የአስከሬን ፎቶ አያሳዩ። አንዴ ካሳዩ ከዚያ በኋላ የሚናገሩትን ማንም አይሰማም።

ለቅርብ ዘመን ወንጀል የምመክረው መስፈርት 100 ዓመት ነው። ከዚያ ወዲህ ያለውን፣ የተጎጂው ቤተሰብ በጽሑፍ ካልፈቀደ፣ ይተዉት። በእንግሊዝ ግሎስተር ባልና ሚስት ብዙ ሰው የገደሉበት የ25 ክሮምዌል ስትሪት ቤት በ1996 ሲፈርስ ፍርስራሹ ሳይቀር የተደቀቀው ሰዎች ለማስታወሻ እንዳይለቅሙት ነው፤ ቦታው መተላለፊያ መንገድ ሆኗል። ከተማ እንዲረሳ የወሰነውን ቦታ ለትኬት መልሶ መክፈት ሥራዎን ከነዋሪው ጋር ያጣላዋል።

ነዋሪው የሚጠላው ሙቱን አይደለም፤ በመስኮቱ ሥር በየማታው ተመሳሳይ ዓረፍተ ነገር መስማቱን ነው። ከሚኖርበት ቤት ፊት ለፊት አይቁሙ፤ ከመንገዱ ማዶ፣ ሰው ከማያድርበት ግንብ አጠገብ ሆነው ወደ ቤቱ ይጠቁሙ። በርና የተሽከርካሪ መግቢያ አይዝጉ። መንገድ የሕዝብ ቢሆንም መቃብር ቦታ፣ ቅጥር ግቢና መተላለፊያ ብዙውን ጊዜ ባለቤት አላቸው፤ ፈቃዱን በጽሑፍ ይውሰዱ። የአስጎብኚነት ፈቃድ፣ የቡድን ብዛትና የሰዓት ገደብ ከከተማ ከተማ ይለያያል። ኒው ኦርሊንስ ለምሳሌ ቡድኑን በ28 ሰው፣ ሰዓቱን በምሽቱ 4 ሰዓት ገድባለች፤ ሴንት ሉዊስ ቁጥር 1 የሚባለው መቃብርም መቃብሮቹ ስለተጎዱ ከ2015 ጀምሮ ያለ አስጎብኚ አይገባበትም። የእርስዎን ከተማ ደንብ ከማዘጋጃ ቤቱ ሳይጠይቁ ትኬት አይሽጡ። የሦስተኛ ወገን ጉዳት መድን ሲገዙ ሥራው በማታና በእግር መሆኑን በውሉ ላይ ያስጽፉ፤ ካልተጻፈ ሰው ደረጃ ላይ ሲወድቅ ክርክሩ ከዚያ ይጀምራል።

ቡድኑን እስከ 18 ሰው ይገድቡ፤ ከዚያ በላይ ያለ ማጉያ ድምፅዎ አይደርስም፣ የእግረኛው መንገድም አይበቃም። ከ12 በላይ ከሆኑ ከኋላ የሚሄድ፣ አንጸባራቂ ሰደርያ የለበሰ ረዳት ይኑርዎት። መንገድ በተሻገሩ ቁጥር ይቁጠሩ። ሲናገሩ ጀርባዎን ለግድግዳ ይስጡ፤ ግድግዳው ድምፁን ወደ ፊት ይመልሰዋል፣ ጎብኚዎቹም በግማሽ ክብ ይከቡዎታል። ነፋስ ካለ ነፋሱ ከእርስዎ ወደ እነሱ እንዲሄድ ይቁሙ። መጀመሪያው መቆሚያ ከመሰብሰቢያው የሚታይ ይሁን፤ ያረፈደ ሰው ሮጦ ይደርስብዎታል። መጨረሻው ብርሃን፣ ሽንት ቤትና ትራንስፖርት ያለበት ቦታ ላይ ይሁን፤ ሰውን ጨለማ ውስጥ አስፈራርቶ እዚያው መበተን ነውር ነው።

ቁርጡን ከጠየቁኝ፦ 15ቱን ቦታዎች ወደ 7 ያውርዱ፤ ከእነሱ ስድስቱ መዝገብ ያላቸው ወንጀሎች፣ አንዱ ብቻ የመንፈስ ታሪክ ይሁን፤ እሱም ማን፣ መቼ እንዳየውና መቼ እንደተጻፈ የሚታወቅ። ለመሣሪያውና ለተዋናዩ ያሰቡትን ገንዘብ በቤተ መዛግብት ለሚያስገለብጡት ሰነድና ለመድን ያውሉት። መንገዱን ጉብኝቱ በሚካሄድበት ሰዓት፣ በሳምንቱ በዚያው ቀን ሦስት ጊዜ ይሂዱት፤ በቀን ጸጥ ያለ ማዕዘን ማታ መጠጥ ቤት የሚከፈትበት ሊሆን ይችላል፣ የመንገድ መብራቱም ጠፍቶ ሊያገኙት ይችላሉ። ከዚያ 6 ሰው በነጻ ይዘው ይውጡና ሲጨርሱ «ወደዳችሁት?» ብለው አይጠይቁ፤ እያንዳንዱን ቦታ በካርታ ላይ እንዲያመለክቱና እዚያ የሆነውን በአንድ ዓረፍተ ነገር እንዲነግሩዎት ያድርጉ። ሁለት ሰው የሳተውን መቆሚያ ከመጠባበቂያዎቹ በአንዱ ይተኩት።